ፍየል የማይበላው አበባ

በቦረናዋ ሜጋ ከተማ ከሰው ሲተዋወቁ የተወለደበትን ሰዓት መጠየቅ ትርፍ ወሬ ነው፤ ስሙን ሲነግርዎት አብሮ ነግሮዎታል። ቦሩ ካለዎት ጎህ ሲቀድ ነው የተወለደው። ጉዮ በቀን፣ ጋልጋሎ ሲመሽ፣ ሃልከኖ በሌሊት። ሮባ ዝናብ ላይ ነው፤ ቦናያ በጋ ላይ። ቤተሰቡ ከብቱን ይዞ ግጦሽ ፍለጋ ሲጓዝ መንገድ ላይ የተወለደው ጎዳና ይባላል፤ ከቤት ውጭ ሜዳ ላይ የተወለደው ደግሞ ዲዳ። ከደጋ ተመድቦ የመጣ መምህር መጀመሪያ ቀን ስም ሲጠራ የሚሰናከለው እዚህ ጋ ነው። እንዳያስቀይም ፈርቶ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ዲዳ» ይላል፤ ከክፍሉ ሁሉ አፈኛ የሆነው ልጅ ጣራ በሚነካ ድምፅ «አቤት!» ይለዋል። ለጎዳናም አንጀቱ ይላወሳል፤ የጎዳና አባት ስንት ከብት እንዳለው እስኪነግሩት ድረስ።

ለበኩር ወንድ ልጅ ስም ማውጣት ቀልድ አይደለም። ጉቢሳ የሚባል ሥርዓት አለው፤ ዘመድ ይጠራል፣ ሲዘፈን ይታደራል፣ ቡናው ከነገለፈቱ በቅቤ ይንጣጣል። ሴት ልጅ ስትወለድ ድግሱ ቀለል ይላል። ድግሱ ቀለል ባለበት ሁሉ ደግሞ ክርክሩ ይከብዳል፤ ሥርዓት ያልወሰነውን ነገር የሚወስኑት አክስቶች ናቸውና።

ጎረቤቴ የአይሱዙ ሾፌር ነው። የጎጃም ልጅ ነው፤ ወደ ሞያሌ ጭነት ይዞ ሲያልፍ ጎማ ሊያስጠግን ሜጋ ቆመ፣ ጎማው ተጠገነ፣ እሱ ግን ቀረ። የቦረና ልጅ አገባ። መኪናውም ሚስቱም ደህና ናቸው። ዝናብ ደህና አድርጎ በጣለበት አንድ ሚያዝያ ሴት ልጅ ተወለደችለት፤ አባት ከምጡ ቀን ጀምሮ አንድ ስም ይዞ ተቀምጦ ነበር፦ አደይ።

የሚስቱ አያት በርጩማቸው ላይ እንደተቀመጡ ስሙን ሰሙና ለቡናው ሲኒ ጊዜ ሰጡት። እኛ ሰፈር ሁሉም ሰው አኮ ይላቸዋል፤ እኔም አኮ ነው የምላቸው።

«አደይ ምንድን ነው?» አሉ።

«አበባ ነው፣ አኮ። ቢጫ ነው። መስከረም ሲጠባ አገሩን ሁሉ ያለብሰዋል።»

«መስከረም ሲጠባ እዚህ ምን አለ?»

ሾፌሩ ታማኝ ሰው ነው። «አቧራ» አለ።

«ፍየል ይበላዋል?»

«እንጃ… እኛ ከቄጤማ ጋር አስረን ነው ለአዲስ ዓመት የምንሰጣጠው።»

«ግመልስ?»

«አኮ፣ እኛ አገር ግመል የለም።»

ዝም አሉ። ግመል የሌለበት አገር ውስጥ ሰው በምን እንደሚኖር እያሰቡ ይመስለኛል። ፊታቸው ላይ ለአማቻቸው ወገኖች ከባድ ሐዘኔታ ታየ። ጥቂት ቆይተው፣ እንደመጨረሻ ዕድል፣ «ንብስ?» አሉት።

እዚህ ላይ ሰውየው ነፍስ ዘራ። «ንብማ! የአደይ ማር እኮ በጥቅምት ሲቆረጥ…» ብሎ ስለ ማሩ ቀለም፣ ስለ ማሩ ሽታ፣ አባቱ ስለሚሰቅሉት ቀፎ አወራ። አኮ አዳመጡት። «እንግዲያው ክፉ ነገር አይደለም» አሉ በመጨረሻ፤ ለአንድ ከሩቅ ለመጣ አበባ ከዚህ የበለጠ ምስክርነት በእኛ ሜዳ አይገኝም።

የአኮ ጥያቄ ያስቃል እንጂ ቀልድ አልነበረም። ደጋ ላይ አበባ ቀጠሮ አክባሪ ነው። ክረምቱ ይወጣል፣ አደይ ይፈነዳል፣ ልጃገረዶች አበባየሆሽ ይላሉ፤ ከዚያ መስከረም 26 ወርኃ ጽጌ ይገባና እስከ ኅዳር 5 ድረስ 40 ቀን ቤተ ክርስቲያኑ ሁሉ ስለ አበባ ሲያዜም ይከርማል። የማኅሌቱን መጽሐፍ የደረሰው መነኩሴ ራሱ አባ ጽጌ ነው የሚባለው፤ ወንድ ነው፣ መነኩሴ ነው፣ ስሙ አበባ ነው፣ ማንም ገርሞት አያውቅም። በዚያ ሰሞን የምትወለድ ልጅም ጽጌ ብትባል ማንም ለምን አይልም።

ሜጋ ላይ ግን አበባ ለቀን መቁጠሪያ አይታዘዝም። የሚታዘዘው ለዝናብ ነው፤ ዝናቡ ደግሞ ለማንም አይታዘዝም። ትልቁ ዝናብ ከመጋቢት እስከ ግንቦት ይጠበቃል፤ ቦረናዎች ወቅቱን ነን ጠበቅ አድርገው «ገና» ይሉታል። ዘንድሮ ገባ ወይ ብለው ሲጠይቁ የሚያገኙት መልስም ብዙ ጊዜ ገና ነው፤ ነን ላላ አድርገው። ከመጣ ግን ይመጣል። ትናንት አጥንት የመሰለው ግራር ነጭና ቢጫ ይለብሳል፤ ከሜጋ ወደ ዱብሉቅ የሚወስደው መንገድ፣ ናፍጣ ብቻ የሚሸተው መንገድ፣ ማር ማር ይላል። ንቡ ይመጣል፤ ፍየሎቹም ይመጣሉ። ፍየል አበባ አታደንቅም የሚል ሰው ፍየል አያውቅም፤ አድናቆቷን በጥርሷ ነው የምትገልጸው። ላሚቱ ትወልዳለች፣ ወተቱ ይሞላል፣ ሰርግ ይታሰባል። አበባ እዚህ አገር የአበባ ማስቀመጫ ጉዳይ ሆኖ አያውቅም።

ካልመጣስ? ከ2013 እስከ 2015 ዓ.ም. አምስት የዝናብ ወቅቶች ተከታትለው ሲከሽፉ ያየ ሰው ይህን ጥያቄ አይጠይቅም። ከብቱ አለቀ፤ የመንገዱ ዳር በሬሳ ተሞላ። በዚያን ጊዜ ከተማችን ውስጥ አብቦ የከረመው በየሳሎኑ ጠረጴዛ ላይ ያለው የፕላስቲክ አበባ ብቻ ነበር። ደማቅ ቀይ፣ ድርቅ የማይነካው፣ በሳምንት አንዴ በጨርቅ የሚወለወል። አንዷ የተራበች ፍየል ከአንድ ሻይ ቤት በረንዳ ላይ ከነግንዱ መዝዛ አኘከችው፤ አኝካ አኝካ ተፋችው። ከዚያ ወዲህ ማናቸውንም አበባ ስመለከት የዚያች ፍየል ፊት ይመጣብኛል።

ወደ ሕፃኗ እንመለስ። የክርክሩን እልባት ያመጣችው ሁሉም የረሷት ሰው ነበረች፤ የወለደችው እናት። ከመጋረጃው ጀርባ፣ ድምፅዋን ከፍ ሳታደርግ፣ «ደራርቱ ትባል» አለች።

አኮ ሳይውል ሳያድር ተቀበሉ። በቋንቋቸው አበባ ደራራ ነው፤ ማበብ የሚለውም ከዚያው ይወለዳል፤ ደራርቱ ማለት ያበበችዋ ናት። ግራሩ አብቦ፣ ፍየሉ ጠግቦ የተወለደች ልጅ ሌላ ምን ልትባል ኖሯል? ሾፌሩም እዚያው ተቀበለ፤ በሌላ ምክንያት። ለእሱ ደራርቱ ማለት ባርሴሎና ነው። ነሐሴ 1 ቀን 1984 ዓ.ም.፣ 10 ሺህ ሜትር፣ የበቆጂዋ ልጅ ደራርቱ ቱሉ የደቡብ አፍሪቃዋን ኤላና ሜየርን መጨረሻው ዙር ላይ ጥላት ስትሄድ፤ ከጥቁር አፍሪቃውያን ሴቶች የመጀመሪያው የኦሊምፒክ ወርቅ። ሁለቱ እጅ ለእጅ ተያይዘው ስታዲየሙን ሲዞሩ ደጋም ቆላም አብሮ አልቅሷል። ሾፌር ሆኖ በዚያ ስም ላይ የሚከራከር አይገኝም። (ሜጋዎች ደቡብ አፍሪቃን ከዚያም በፊት ያውቋታል፤ በየካቲት 1933 ዓ.ም. የጣልያንን ምሽግ ከዚህ ኮረብታ ላይ ያስለቀቁት የደቡብ አፍሪቃ ወታደሮች ናቸው፤ ያውም ዝናብ እየወረደባቸው። ዝናብ መጥራት ስለመቻላቸው የሽማግሌዎቻችንን አስተያየት ባገኝ ደስ ይለኝ ነበር።)

እኔን የገረመኝ ሌላ ነው። ያ ነሐሴ 1 ቀን፣ የሕይወት ታሪኩን የጻፉት እንደሚሉት፣ የአበበ ቢቂላ ልደት ነው፤ በ1924 ዓ.ም. የተወለደበት። አበበ ምን ማለት ነው? አበባ አወጣ፣ ፈነዳ። ያበበው በተወለደበት ዕለት ያበበችዋ ወርቅ አመጣች ማለት ነው። አበበ ራሱ ሮም ላይ በባዶ እግሩ ያሸነፈው ጳጉሜን 5 ቀን 1952 ዓ.ም. ነው፤ በእንቁጣጣሽ ዋዜማ። ማግስቱን አገሩ ሁሉ አደይ ይዞ ሲወጣ በደጃፉ የሚዞሩት ልጃገረዶች ስለ መስኩ አበባ ይዝፈኑ ስለ ሮሙ፣ መለየት ሳያስቸግር አልቀረም።

የአበባ ስም ያላቸው ሰዎች ደግሞ ከጫማ ጋር አንድ ያልታወቀ ጠብ አላቸው። በጥር 2012 ዓ.ም. የሙምባይን ማራቶን በ2 ሰዓት ከ8 ደቂቃ ከ9 ሰከንድ፣ በቦታው አዲስ ክብረ ወሰን ያሸነፈው ኢትዮጵያዊ ደራራ ሁሪሳ ይባላል። ስሙ አበባ ነው፤ ጫማው ደግሞ የተዋሰው ነበር። እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ፣ ፒያኖአቸውን ዓለም የሰማላቸው፣ የቤት ስማቸው የውብዳር ነበር። በልጅነታቸው ስዊዘርላንድ ተምረው፣ ካይሮ ቫዮሊን አጥንተው፣ ሁሉን ትተው ግሸን ማርያም ሲመንኑ ነው የአበባውን ስም የያዙት፤ እዚያም ዐሥር ዓመት ያህል በባዶ እግራቸው ኖሩ። እስከ 99 ዓመታቸው ቆይተው በ2015 ዓ.ም. ኢየሩሳሌም ላይ ዐረፉ። አበበ ቶኪዮ ላይ ጫማ አድርጎም አሸንፏል፣ ደራርቱም በጫማ ነው የሮጠችው ብላችሁ አትሟገቱኝ፤ ወግ ነው የያዝነው።

ያው ግሸን ሌላ አበባም አውጥቷል። አበበች ጎበና በረሃቡ ጊዜ፣ በ1970ዎቹ መጀመሪያ፣ ለመሳለም ወደዚያ ሄደው በመንገድ የወደቀውን ሕዝብ አዩ፤ ሲመለሱ ሁለት ሕፃናት ይዘው ነበር። ሁለቱ ብዙ ሆኑ፤ ቤታቸውን ትተው ከልጆቹ ጋር ወጡ፤ በመጨረሻ አገር እዳዬ ብሎ የሚጠራቸው የሺዎች እናት ሆኑ። አበባ ስስ ነገር ነው፣ ሴት ልጅም እንደዚያው ናት የሚለውን ወሬ ያመጣው ሽቶ ነጋዴ እንጂ እናቶቻችን አይደሉም።

እናቶቻችን ባቄላ የሚያውቁ ሰዎች ናቸው። ባቄላው አበበ ሲሉ ቀለሙን እያደነቁ አይደለም፤ ከሁለት ወር በኋላ ስለሚመጣው ሹሮ ነው የሚያወሩት። አበበች ብለው ልጅ ሲጠሩም እንደዚያው ነው። ልብ ብላችሁ ከሆነ ፈረንጅ ልጁን ሮዝ ይላታል፣ ሊሊ ይላታል፣ ዴዚ ይላታል፤ ዕቃ እንደሚሰየም። እኛ አበበች ነው የምንለው፣ ቦረናውና አርሲው ደራርቱ ነው የሚለው፤ አንድ ነገር ተፈጽሟል ማለት ነው፤ ዘነበ፣ በቀለ፣ ፈነዳ። ስሙ ውስጥ ሥራ አለ። ቦሩንና ሮባን የሰየመው ሕዝብ፣ ሰዓትና ዝናብ መዝግቦ ልጅ የሚጠራ ሕዝብ፣ ደራርቱን ሲቀበል ሌላ ዓይነት ስም አልተቀበለም፤ የዝናቡን ደረሰኝ ነው የተቀበለው።

ይህንን ለሾፌሩ እኅት ያስረዳት አልነበረም። አዲስ አበባ ነው የምትኖረው። ስሙ ተቆርጦ፣ ቡናው ተጠጥቶ ካለቀ በኋላ ደወለች፤ የአክስቶች ስልክ ሁልጊዜ የሚደወለው ነገር ካለቀ በኋላ ነው። «ደራርቱ? ደስ ይላል፤ ግን ዘመናዊ የአበባ ስም አጥታችሁ ነው? ሊሊ በሏት። ወይ ጃስሚን። ወይ ሀዳሳ።» ሾፌሩ ስልኩን ድምፅ ማጉያ ላይ አድርጎት ስለነበር ሁላችንም ሰማን።

ሀዳሳ አዲስ ከመሰላት የአስቴርን መጽሐፍ ታንብብ፤ ምዕራፍ ሁለት ላይ የአስቴር ሌላ ስም ሆኖ ተቀምጧል፣ ባርሰነት የሚባለው ተክል ነው። ሊሊም ቢሆን ከጥንት ጀምሮ ቤታችን አለች፦ ሶስና። ከዕብራይስጡ ሾሻና ተነሥታ፣ በግሪክ በኩል ዞራ፣ ያችን በሐሰት የተከሰሰችውንና ዳንኤል ነጻ ያወጣትን ሴት ይዛ እኛ ዘንድ ደርሳለች። ስንት ሶስና የሚባሉ ወይዘሮዎች የአበባ ስም እንዳላቸው ሳያውቁ የአበባ ስም ያላትን ጎረቤታቸውን የገጠር ስም ብለው ያሙ ይሆን? እኅቱ ራሷ የምትኖረው በአበባ በተጠራ ከተማ ነው። በ1879 ዓ.ም. እቴጌ ጣይቱ፣ ስማቸው ከፀሐይ የሚመዘዝ፣ ለከተማው የአበባ ስም አወጡለት። ፀሐይ አበባን ስትሰይም ደጋ ላይ ያምራል። ሜጋ ላይ ብታደርገው ሽማግሌዎች ዝናቡ እስኪታይ እንጠብቅ ይሏት ነበር።

ጃስሚንን በተመለከተ እኅትየዋ ብዙም አልተሳሳተችም። ከእኛ በታች ወደ ሞያሌ ሲወርዱ ያስሚን አለች፤ ዘህራም አለች። ሶማሊኛ የሚናገሩት ጎረቤቶቻችን ሴት ልጅን ኡባህ ይላሉ፤ ቁርጥ ያለ አበባ ነው። ድንበሩን ከተሻገሩ በኋላ በስዋሂሊ ማኡዋ ትመጣለች፤ እሷማ አንድ አበባ አልበቃ ብሏት አበቦች ናት። በዚህ መስመር ላይ ያለ አንድ የትምህርት ቤት ክፍል ውስጥ አበባ፣ ደራርቱ፣ ኡባህና ዘህራ በአንድ ዴስክ ላይ ተቀምጠው ቢገኙ መምህሩ አራት ልጆች ያያል፤ እኔ አንድ ስም አራት ጊዜ የተጠራ ይመስለኛል። አራቱም እኩል ያወራሉ፤ ዲዳ ከኋላቸው ተቀምጦ እንኳ ቃል አያገኝም።

አኮ የስልኩን ጩኸት እስከ መጨረሻው ሰምተው አንድ ነገር ብቻ ጠየቁ። «ሊሊ የምትሉትን ፍየል ይበላዋል?»

እኅትየዋ ከአዲስ አበባ ማዶ «ምን አሉ? ምን አሉ?» ስትል ሾፌሩ መስመሩ ተቋረጠ ብሎ ዘጋው። ከፕላስቲኩ አበባ ጋር አንድ ላይ አስቀመጡባት ብሎ እንዴት ይንገራት?

ከዚያ የቀረው ወረቀቱ ነበር። ልደት ማስመዝገብ በአዋጅ ቁጥር 760/2004 ግዴታ ነው፤ ከ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮም በየቀበሌው ተሠርቶበታል። ሾፌሩና ሚስቱ ሕፃኗን አቅፈው ወደ ምዝገባው ጽሕፈት ቤት ሄዱ። እኔም ለምስክርነት ይሁን ለወሬ በውል ባልለየሁት ምክንያት ተከተልኳቸው። አባት «ደራርቱ» አለ፣ በግዕዙ ደ። እናት «ዳራርቱ ነው» አለች፣ በራብዑ ዳ። ጸሐፊው በኦሮምኛው ፊደል፣ በቁቤ፣ ሊጽፈው ሲል ደግሞ አናባቢው ሁለት ቦታ ላይ መደገም አለበት ተባለ፤ መሐል ላይና መጨረሻው ላይ። አባት የኦሊምፒኳ ደራርቱ ስም በዓለም መዝገብ ላይ ምንም ሳይደገም ነው የተጻፈው ብሎ ተሟገተ። እናት እኔ የምወልደው ለዓለም መዝገብ አይደለም አለች። ጸሐፊው ትዕግሥተኛ ሰው ነበር፤ እስክሪብቶውን አስቀምጦ ሻይ ጠጥቶ ተመለሰ። ሲመለስም አላለቀም። በመጨረሻ አማርኛው ላይ የአባትየው፣ ቁቤው ላይ የእናትየው ጸና፤ ስለዚህ ልጅቱ ገና ጥርስ ሳታበቅል በሁለት ዓይነት አጻጻፍ ታውቃለች። ፓስፖርት ስታወጣ ሦስተኛው ይመጣል፤ ያኔ ደግሞ አኮ አይኖሩም ይሆናል፣ ማን ይዳኛል?

እንግዲህ በሜጋም፣ በያቤሎም፣ በነጌሌም፣ በሞያሌም ሴት ልጅ የተወለደላችሁ ወላጆች፦ አዋጁ 90 ቀን ይሰጣችኋል፣ ለአንድ ስም ይበቃል። አበባ በሏት፣ ደራርቱ በሏት፣ ኡባህ በሏት። ፊደሉ ላይ ግን ቤታችሁ ሳላችሁ ተስማሙ፤ አዲስ አበባ ላሉት አክስቶችም የምስክር ወረቀቱ ከታተመ በኋላ ንገሯቸው።